ያልተወራ ነገር እንዴት ይቀረጻል? ስለ ሻንታል አኬርማንና ስለ እናቷ ፊልሞች

ፊልሙ ሲጀምር የሚታየው ዛፍ ነው። በረሃ ላይ የበቀለ አንድ ዛፍ፣ ነፋስ ወዲያ ወዲህ የሚያላትመው። ሙዚቃ የለም። ተራኪ የለም። ቦታውን የሚናገር ጽሑፍ እንኳ የለም። አንድ ደቂቃ ያልፋል፣ ሁለት ይደገማል፣ ዛፉ አሁንም እዚያው ነው። አራት ደቂቃ ገደማ ሲሆን ግማሹ ተመልካች ስልኩን አውጥቷል፣ ግማሹ ደግሞ «ተሳስቼ ሌላ ነገር ከፍቼ ነው እንዴ?» ብሏል።

ፊልሙ «ኖ ሆም ሙቪ» ይባላል። የወጣው በ2015 ነው (ዓመቶቹ በሙሉ፣ ካልነገርኳችሁ በስተቀር፣ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። የሠራችው ቤልጂየማዊቷ ሻንታል አኬርማን ናት። ጉዳዩ ዛፍም በረሃም አይደለም። ጉዳዩ እናቷ ናቸው፤ ብራስልስ በሚገኝ አፓርታማቸው ውስጥ አርጅተው፣ እየደከሙ ያሉ እናት።

ታዲያ ዛፉ ምን ሊሠራ መጣ? ጥያቄው የዋህ ይመስላል እንጂ ተገቢ ጥያቄ ነው። ኤክስፐሪመንታል ዶክመንተሪ (ከተለመደው አሠራር የወጣ፣ የሙከራ ዘጋቢ ፊልም) የሚባለው ዘርፍ ብዙ ሰው የሚሸሸው በዚሁ ምክንያት ነው፤ ስለ ቤተሰቧ ልትነግረን ከሆነ ለምን ቁጭ ብላ አትነግረንም? «አርቲስት ነን ለማለት ነው» የሚሉ አሉ። አንዳንዴ እውነታቸውን ነው፣ ለማወሳሰብ ብሎ የሚያወሳስብ ሞልቷል። አኬርማን ግን እንደዚያ አይደለችም። የእሷ ፊልሞች እንግዳ የሆኑት የያዘችው ታሪክ ሌላ መልክ አልይዝ ስላላት ነው። እሱን ላስረዳችሁ።

እስቲ የለመድነውን ዓይነት ዘጋቢ ፊልም አስቡ። አሮጌ ፎቶ ይመጣል፣ ካሜራው ቀስ ብሎ ወደ ፊቱ ይጠጋል፣ ወፍራም ድምፅ ያለው ሰውዬ «በዚያን ዘመን…» ብሎ ይጀምራል። ፕሮፌሰሩ ከመጽሐፍ መደርደሪያ ፊት ተቀምጠው ያብራራሉ። ባለታሪኳ ያለቅሳሉ። ፒያኖ ይገባል። ይሄ መንገድ ክፉ አይደለም፣ ብዙ አስተምሮናል። ግን አንድ ነገር አስቀድሞ ይገምታል፤ ታሪኩ ሙሉውን እዚያ ቁጭ ብሎ ጠያቂ ብቻ እየጠበቀ እንደሆነ። ባለታሪኳ ባይናገሩስ? ፎቶው ከነቤቱ ጠፍቶ ከሆነስ? ልጆቹ ከሕፃንነታቸው ጀምሮ «ይሄ አይነሳም» የሚለውን ነገር ማንም ሳይነግራቸው ተረድተውት ያደጉ ከሆኑስ? ያኔ ፕሮፌሰር ብትጠራ ስለ ዘመኑ ይነግርሃል እንጂ ስለ እናትህ አይነግርህም።

የአኬርማን ቤት እንደዚህ ያለ ቤት ነበር። ሻንታል በ1950 ብራስልስ ተወለደች። ወላጆቿ ከፖላንድ የመጡ አይሁዶች ናቸው። እናቷ ናታልያ፣ በቤት ስማቸው ኔሊ፣ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ገና በልጅነታቸው ከቤልጂየም ተይዘው ወደ አውሽቪትዝ ተላኩ። አውሽቪትዝ ናዚዎች በያዙት ፖላንድ ውስጥ የተከሉት የሞት ካምፕ ነው። ቤልጂየም ውስጥ ሜኬለን ከምትባል ከተማ ብቻ ከ25 ሺህ በላይ አይሁዶች በባቡር ወደዚያ ተጭነዋል፣ የተመለሱት ጥቂት ናቸው። ኔሊ ተመለሱ። አባትና እናታቸው አልተመለሱም። ከዚያ በኋላ ኔሊ ትዳር ያዙ፣ ሁለት ሴት ልጆች ወለዱ፣ ቤታቸውን አጸዱ፣ ወጡ ወረዱ። ስለ ካምፑ ግን ምንም ሊያወሩ አልፈለጉም።

ሻንታል 15 ዓመቷ ላይ የፊልም ዳይሬክተሩን የጎዳርን አንድ ፊልም አይታ «በቃ፣ እኔም ፊልም ነው የምሠራው» አለች። ፊልም ትምህርት ቤት ገብታ ብዙም ሳትቆይ ተወችው። በ18 ዓመቷ የመጀመሪያ አጭር ፊልሟን ሠራች፣ ወደ 13 ደቂቃ የሚሆን፣ አብዛኛው ኩሽና ውስጥ ያለቀ፣ ተዋናይዋም ራሷ። ኩሽናውን ልብ በሉልኝ። አርባ ምናምን ዓመት ሙሉ ከኩሽና አልወጣችም ማለት ይቻላል።

ምክንያቱ ከባድ አይደለም። እናት የማይናገሩ ከሆነ ልጅ የሚያየው ምንድን ነው? እጃቸውን። አልጋ ሲያነጥፉ፣ ድንች ሲልጡ፣ መብራት ሲያጠፉ፣ በር ሲዘጉ፣ ሁሉ ነገር በቦታው መሆኑን ደግመው ሲያዩ። በ1975 የወጣው «ዣን ዲልማን»፣ ያው አጠር አድርገን እንዲህ እንጠራዋለን እንጂ ስሙ ከነመንደር አድራሻው ረጅም ነው፣ ከዚህ የመጣ ነው። ልብ ወለድ ፊልም ነው፣ ዘጋቢ አይደለም። ባሏ የሞተባት አንዲት የብራስልስ ሴት ሦስት ቀን እንዴት እንደምትውል ያሳያል፣ 201 ደቂቃ ይፈጃል፣ ድንች ስትልጥ የሚያሳየው ትዕይንት ሳይቆረጥ ነው የሚታየው። አኬርማን እንቅስቃሴዎቹን በልጅነቷ እናቷና አክስቶቿ ሲያደርጉ ካየችው እንደወሰደች ተናግራለች። ሲወጣ 25 ዓመት አልዘለላትም። በ2022 «ሳይት ኤንድ ሳውንድ» የተባለው የእንግሊዝ መጽሔት በየአሥር ዓመቱ በሚያካሂደው የሐያስያን ምርጫ ላይ ከምንጊዜም ፊልሞች አንደኛ ተባለ፤ በዚያ ዝርዝር አናት ላይ የሴት ዳይሬክተር ፊልም ሲቀመጥ የመጀመሪያው ነው።

ስለ ርዝመቱ አንድ ነገር ልበል፣ ምክንያቱም የሁሉም ሰው ቅሬታ እሱ ነው። አብዛኛው ፊልም ሠሪ «ጊዜው እንዴት እንዳለፈ ሳላውቀው አለቀ» ሲባል ይደሰታል። አኬርማን በተቃራኒው ይሄ ከተመልካቹ ጊዜውን መስረቅ ነው ትል ነበር። የሷ ፍላጎት እያንዳንዷ ደቂቃ በሰውነታችሁ ውስጥ ስታልፍ እንድትሰማችሁ ነው። እንዴት እንደሚሠራ እዩት፦ አንድ ክፍል ይታያችኋል። መጀመሪያ «ኩሽና ነው» ትላላችሁ፣ ጨረሳችሁ። ከዚያ ይሰለቻችኋል። በደንብ ይሰለቻችኋል፣ አልዋሽም። ከዚያ ግን ዓይናችሁ ሥራ ሲያጣ ራሱ መፈለግ ይጀምራል፤ የፎጣው አሰቃቀል፣ ከሌላ ክፍል የሚመጣ የእግር ኮቴ፣ ያልተዘጋ መሳቢያ። ትንሽ ከቆየ ደግሞ የራሳችሁ ኩሽና ይመጣል፣ የራሳችሁ እናት። ቶሎ ቶሎ የሚቆራረጥ ፊልም ለዚህ ፋታ አይሰጥም። ርዝመቱ ትዝታ እንዲገባ የተተወ በር ነው፣ የገባውም የናንተ እንጂ የሷ ብቻ አይደለም።

አሁን ወደ ኒውዮርክ እንሂድ።

አኬርማን በ1971፣ ገና የሃያ አንድ ዓመት ልጅ ሆና፣ ወደ ኒውዮርክ ሄደች። እዚያ ታሪክ የሌላቸው፣ ካሜራ ብቻ የሚንቀሳቀስባቸው ወይም ጨርሶ የማይንቀሳቀስባቸው የሙከራ ፊልሞችን አየች። ባቤት ማንጎልት ከተባለችው የካሜራ ባለሙያ ጋርም ተዋወቀች። ገንዘብ አልነበራትም፣ ያገኘችውን ሠራች። የወሲብ ፊልም የሚያሳይ ሲኒማ ቤት ገንዘብ ተቀባይ ሆና ከካሽ ሳጥኑ እየወሰደች ፊልም እንደሠራችበት ራሷ በኋላ አውርታዋለች። እናቷ ደግሞ ቤልጂየም ተቀምጠው ደብዳቤ ይጽፋሉ።

ደብዳቤዎቹን ብትሰሟቸው እንግዳ አይሆኑባችሁም። ውድ ልጄ፣ ለምን አትጽፊም? ልብሱ ደረሰሽ? ገንዘብ ልኬልሻለሁ። አባትሽ ደክሞታል። ሱቁ ሥራ ቀዝቅዟል። እገሊት ታጨች፣ እገሌ ታመመ። የምትመለሺው መቼ ነው? እኛ ደህና ነን፣ ብቻ ጻፊልን። «እኛ ካንቺ ናፍቆት በቀር ደህና ነን» እየተባለ በተጻፈ ደብዳቤ ያደገ የኛ ሰው ቃል በቃል ሊያስከትለው ይችላል።

በ1976 አኬርማን ተመልሳ ኒውዮርክን በ16 ሚሊ ሜትር ፊልም ቀረጸች። «ኒውስ ፍሮም ሆም» የሚባለው ሥራዋ ይሄ ነው። ምስሉ ከተማ ብቻ ነው። ባዶ መንገድ፣ ጎህ ሲቀድ። የመኪና ማቆሚያ። የምድር ባቡር ፉርጎ ውስጥ የቆሙ ሰዎች፣ አንዳንዶቹ ካሜራውን ቀና ብለው እያዩ። ከመኪና መስኮት የሚታይ ረጅም ጎዳና፣ በየመብራቱ እየቆመ። እናቷ አይታዩም። እሷም አትታይም። በላዩ ላይ የእናቷን ደብዳቤዎች ራሷ አኬርማን ታነባለች፣ ፈጠን ባለ፣ ስሜት በሌለው ድምፅ፣ የሰው ወረቀት እንደምታነብ።

ዋናው ዘዴ እዚህ ጋ ነው። አንደኛ፣ መልሱን አንሰማም። ፊልሙን ሙሉ አንድ ደብዳቤ እንኳ ከልጅቷ ወደ እናት አይነበብም። እናት ይጠይቃሉ፣ ይለምናሉ፣ ይቀየማሉ፣ ይታረቃሉ፣ እኛ ግን የልጅቷን ወገን የምናውቀው ከእናትየው አጸፋ ብቻ ነው፤ «ደብዳቤሽ ደረሰን፣ ደስ አለን» ሲሉ ጽፋ ነበር ማለት ነው፣ «ሦስት ሳምንት ሆነ» ሲሉ ዝም ብላለች ማለት ነው። ሁለተኛ፣ ድምፅና ምስል አይተዋወቁም። እናት ስለ ቤተሰብ ሲያወሩ የሚታየው የኒውዮርክ መንገድ ነው። ሦስተኛ፣ እኔ በጣም የምወደው፣ የከተማው ጩኸት ድምፁን ይውጠዋል። ባቡር ይመጣል፣ ደብዳቤው መሃል ላይ ነው፣ እናት የሆነ ነገር እየተናገሩ ነው፣ ባቡሩ ያልፋል፣ ዓረፍተ ነገሩ አልቋል። አልሰማነውም። የድምፅ ባለሙያ ስህተት እንዳይመስላችሁ፤ ድምፁ ምስሉ ከተቀረጸ በኋላ ለብቻው ተሠርቶ የተገጠመ ስለሆነ የት ጋ ምን እንደሚዋጥ የተወሰነው በማወቅ ነው።

አሁን «የስደተኛ ልጅ ናፍቆት» የሚል የተለመደ ዘጋቢ ፊልም ይሄን እንዴት ይሠራው እንደነበር ገምቱ። ልጅቷ መስኮት ዳር ተቀምጣ ደብዳቤ ይዛ ታለቅስ ነበር። እኛም አዝነን እንረሳው ነበር። አኬርማን ግን ሐዘኑን አላሳየችም። ርቀቱን ሠራችው። የእናት ድምፅ ከልጅ ሕይወት ጋር መገጣጠም አልችል ሲል፣ ፍቅሩ እያለ መስመሩ ሲቆራረጥ፣ እሱን ጆሯችን ላይ አደረገችው። ጥፋተኝነቱም አለበት። ለእናትህ መልስ ሳትጽፍ የከረምክበት ጊዜ ካለ ይሄ ፊልም ያሳክክሃል።

የመጨረሻው ሾት (ሳይቆረጥ የሚሄድ አንድ ምስል) ከመርከብ ላይ ነው። ጀልባው ከማንሃተን እየራቀ፣ ሕንጻዎቹ ጉም ውስጥ እየገቡ፣ ከአሥር ደቂቃ በላይ። በኋላ በ2001 ጥቃት የወደሙት መንትዮቹ ሕንጻዎችም አሉበት። በ1976 ሲቀረጽ ይሄ ተራ ምስል ነበር፣ ከ2001 በኋላ ያየው ሰው ግን እንደ ተራ ምስል ሊያየው አይችልም። ይሄን ማንም አላቀደውም፣ ረጅም ሾት ያለው ፊልም ግን እንዲህ ላለ ነገር ቦታ አለው።

ከዚህ በኋላ ብዙ ሠርታለች፣ ሙዚቃዊም ኮሜዲም ጭምር፣ እሱን ልዝለለው። በ1993 የወጣውን «ዴስት» ግን መንካት አለብኝ። ሶቭየት ኅብረት በፈረሰችበት ሰሞን ከምሥራቅ ጀርመን እስከ ሞስኮ ተጉዛ የቀረጸችው ነው። አንድ ቃል ትረካ የለውም። ካሜራው በመኪና ላይ ሆኖ በጎን እየተንሸራተተ ሰዎችን ያሳያል፣ ክረምት ነው፣ ጨለማ ነው፣ ሻንጣና ፌስታል ይዘው ባቡር ጣቢያ ውስጥና መንገድ ዳር ይጠብቃሉ። ምን እንደሚጠብቁ አይነገርም። ለዘጋቢ ፊልም ሰው «የሶቭየት መፍረስ ያስከተለው ችግር» ነው። አኬርማን ግን ከጨረሰች በኋላ ከሥዕሎቹ ሥር ሌላ አሮጌ ሥዕል እንዳየች ጽፋለች፤ ጓዙን ይዞ በበረዶ ላይ የሚነዳ ሕዝብ። እናቷ ያልነገሯት ሥዕል ማለት ነው። ይዛው የተወለደች ያህል ሆኖባት፣ የትም ብትሄድ ካሜራዋ እሱኑ ይዞ ይመጣል። ስለ ቤተሰብ ትዝታ የሚጽፉ ምሁራን ይሄን ነገር ድኅረ ትዝታ ዓይነት ስም ይሰጡታል፤ በራስህ ላይ ያልደረሰ፣ በወላጅህ ላይ የደረሰ፣ ግን አንተን የሚያስደነግጥ ነገር። ስሙ ምንም ይሁን፣ ክስተቱን የማያውቅ ቤተሰብ ያለ አይመስለኝም።

አንድ ጊዜ ግን ዕቃ ተገኝቷል። አውሽቪትዝ የቀሩት የሻንታል ሴት አያት በልጅነታቸው በፖላንድኛ የጻፉት የዕለት ማስታወሻ ደብተር ነበር። ሠዓሊም ነበሩ። ከጦርነቱ የተረፈው ደብተሩ ነው። ኔሊ ከካምፕ ከተመለሱ በኋላ በዚያው ደብተር ላይ ለእናታቸው ጻፉበት፣ ዓመታት አልፈው ደግሞ ልጆቹ፣ ሻንታልና እህቷ፣ አገኙትና እነሱም ጻፉበት። በ2004 አኬርማን ይህን ደብተር ይዛ ለሙዚየም የሚሆን የቪዲዮ ሥራ ሠራች፤ እናቷ ደብተሩን እያነበቡ፣ የረሱትን ፖላንድኛ እየታገሉ ወደ ፈረንሳይኛ ሲመልሱላት ትቀርጻለች። ሦስት ትውልድ ሴቶች በአንድ ደብተር። ልብ በሉ፣ እዚህም ላይ «ካምፑ ውስጥ ምን ሆነ?» የሚል ጥያቄ የለም። ወረቀት አለ፣ አብሮ ማንበብ አለ። ብዙ አረጋውያን ፊት ለፊት ተጠይቀው የማይናገሩትን አንድ ዕቃ እጃቸው ላይ ሲገባ ይናገሩታል። ጋዜጠኞችም ይሄን ያውቁታል።

ወደ ዛፉ ልመለስ። «ኖ ሆም ሙቪ»ን አኬርማን የቀረጸችው ራሷ ናት፣ በትንንሽ ዲጂታል ካሜራና በብላክቤሪ ስልክ። የመብራት ባለሙያ የለም፣ የድምፅ ሰው የለም። ፊልም እየሠራች መሆኑንም መጀመሪያ ለራሷ አላመነችም፤ ዝም ብላ ትቀርጽ ነበር። የተከማቸውን ከብዙ ዘመን የኤዲቲንግ አጋሯ ከክሌር አተርተን ጋር ከፈተችው፣ ቀነሱ፣ ቀነሱ፣ 115 ደቂቃ ሆነ።

ካሜራው ብዙ ጊዜ የሆነ ዕቃ ላይ ተቀምጧል። ኮሪደር ይታያል፣ በር ይታያል፣ እናት ከአንዱ ክፍል ወደ ሌላው ሲያልፉ ፍሬሙን ቆርጠው ይወጣሉ፣ ድምፃቸው ይቀራል። እናትና ልጅ ኩሽና ውስጥ ይበላሉ፣ ስለ ድንች ያወራሉ። ድንች! ከአርባ ዓመት በፊት በተዋናይት እጅ ያሳየችንን አሁን በእናቷ ጠረጴዛ ላይ። ወሬያቸው መቼም ቁምነገር የለውም፣ ልጣጩን ምናምን፣ ብዪ አትብዪ። ከዚያ በዚያው ቃና፣ ማማሰያ ሳይቀመጥ፣ ወደ ፖላንድ ይሻገራሉ፣ ወደ ሸሹበት ዘመን፣ ወደ ቤልጂየም። ትንሽ ይነካሉ። ይመለሳሉ። ድንቹ እዚያው ነው። አንድ ቦታ ላይ ደግሞ አኬርማን ቤቱን ለምትረዳ ሴት እናቷ ምን እንዳሳለፉ በአጭሩ ታስረዳታለች። ለእናት የማይባለውን ለእንግዳ መናገር ይቀላል፣ ይሄ መቼም የትም ያለ ነው።

በስካይፕ የሚያወሩበትም አለ። እሷ ሌላ አገር ናት፣ እናት ብራስልስ። ካሜራዋን ኮምፒውተሩ ስክሪን ላይ ደግናለች። እናት ለምን ትቀርጪኛለሽ ይሏታል። ዓለም ላይ ርቀት እንደሌለ ላሳይ ብዬ ነው ትላለች። እናት ይስቃሉ፣ አንቺ መቼም ሐሳብ አታጪም ዓይነት ነገር ይላሉ። ግን ምስሉ ራሱ ይቃወማታል፤ ልጅቷ ወደ ስክሪኑ በተጠጋች ቁጥር የእናት ፊት ወደ ነጠብጣብ ይበተናል። ርቀት የለም እያለች ርቀቱን አጉልታ ታሳየናለች። ደግሞ ደህና ሁኚ መባባሉ አያልቅም። ደህና ሁኚ፣ እሺ፣ ደህና ሁኚ፣ በቃ፣ እሺ፣ ሳሚያቸው፣ ደህና ሁኚ። ማንም ቀድሞ መዝጋት አይፈልግም። ከጅዳ ወይ ከዋሽንግተን እናቱ ጋ የሚደውል ሰው ይሄን ትዕይንት ማብራሪያ አያስፈልገውም።

ቤቱ መሃል መሃል ላይ በበረሃ ምስል ይቆረጣል፣ እስራኤል ውስጥ የተቀረጸ፣ አንዳንዱ ከመኪና። አኬርማን ፊልሙ ውስጥ ምክንያቱን አትናገርም። የኔን ንባብ ብትጠይቁኝ፦ ከዛፉ በኋላ የምንገባው የታሸገ፣ መጋረጃው የወረደ፣ ትንፋሽ የሚያጥር አፓርታማ ነው። ያ ሁሉ ነፋስ ውጭ ቀረ። እናት ሕይወታቸውን ሙሉ የያዙት ነገር ከነፋሱ ጋር ነው ያለው፣ ቤቱ ደግሞ ነፋሱ እንዳይገባ የተሠራ ነው። ይሄን በቃል ብትለው ስብከት ይሆናል። በአራት ደቂቃ ዛፍ ስትለው ግን ሰውነታችሁ ያውቀዋል፣ ከመሰልቸቱ ጋር። እሺ፣ ሦስት ደቂቃም ይበቃ ነበር የሚል ካለ አልጣላውም።

ኔሊ በ2014 ሞቱ። ፊልሙ በነሐሴ 2015 ስዊዘርላንድ ሎካርኖ ፌስቲቫል ላይ ታየ። አኬርማን በዚያው ዓመት ኦክቶበር 5 በ65 ዓመቷ ፓሪስ ውስጥ አረፈች፤ ራሷን እንዳጠፋች ተዘግቧል። ከዚያ ወዲህ ብዙ ሰው ፊልሙን እንደ ኑዛዜ ወረቀት ያነበዋል። እኔ ይሄ አይጥመኝም። እያንዳንዱን በርና ኮሪደር የሞት ምልክት ካደረግነው፣ ድንቹ ላይ የሚሳሳቁት ሁለት ሴቶች ይጠፉብናል። ፊልሙ ውስጥ ደግሞ ሳቅ አለ፣ ብዙ።

ስለ ቤተሰብ ፊልም ሲወራ የሚነሳ አንድ ሙግትም አለ፤ የእናትን እርጅና፣ ሳላቸውን፣ እንቅልፋቸውን ለዓለም ማሳየት ተገቢ ነው ወይ? ቀላል መልስ የለውም። አኬርማንን የሚያድናት የመሰለኝ ካሜራዋ አለመጠጋቱ ነው። እናት በደከሙበት ሰዓት ፊታቸው ላይ አትዘምትም፤ ከበሩ ማዶ ትቆማለች። ቴሌቪዥናችን እንባ ሲያይ ምን እንደሚያደርግ እናውቃለን።

የኛ ሰዎችም በዚህ መንገድ ሄደዋል፣ ምክንያታቸውም ይመሳሰላል። ከአብዮቱና ከቀይ ሽብር በኋላ ስንት ቤት ውስጥ ነው የአንድ ልጅ ፎቶ ከግድግዳ ወርዶ ስሙ የማይነሳው? ሳሌም መኩሪያ አሜሪካ ዌልስሊ ኮሌጅ ያስተማረች ኢትዮጵያዊት ፊልም ሠሪ ናት። በ1997 «ዴሉጅ» በተባለው ፊልሟ ደብዛው የጠፋ ወንድሟንና የተገደለች የቅርብ ጓደኛዋን ይዛ የተማሪውን ትውልድ ታሪክ ከራሷ ወገን ተረከችው። በኋላ ደግሞ በሦስት ስክሪን ጎን ለጎን የሚታይ ሥራ ሠርታ በ2003 በቬኒስ ቢየናሌ (ጣሊያን ውስጥ በሚካሄደው ትልቅ የሥነ ጥበብ ትርኢት) ታይቷል። ሦስቱ ምስል በአንዴ ሲሄድ የቱን እንደምታይ አንተ ትመርጣለህ፣ ሌላው ያመልጥሃል። በየቤተክርስቲያኑ ባለሦስት ገጽ ሥዕል እያየ ላደገ ዓይን ይሄ እንግዳ አይደለም።

ካናዳዊት ኢትዮጵያዊቷ ታማራ ዳዊት በ2020 «ፋይንዲንግ ሳሊ»ን ሠራች። የአምባሳደር ልጅ ሆና ኢሕአፓን ተቀላቅላ ስለጠፋች አክስቷ ነው። ታማራ አክስት እንደነበረቻት ራሱ ያወቀችው ከትልቅ ሰውነቷ በኋላ ነው። አሠራሩ ከአኬርማን ይልቅ ለለመድነው ዶክመንተሪ ይቀርባል፣ ቃለ ምልልስ አለው፣ ማኅደር አለው። ግን የሚያስደነግጠው ቦታ እዚያው ነው፤ አያትና አክስቶች ለዓመታት ያላወሩትን ሲያወሩ፣ አንዷ የጀመረችውን ሌላዋ ስታስተካክል። ሐረር ያደገችው ጄሲካ በሺር ደግሞ ከአኬርማን ጎራ ናት። በ2021 የወጣው «ፋያ ዳዪ» ጥቁርና ነጭ ነው፣ ጫትና ሐረር ዙሪያ የሚሽከረከር፣ አሥር ዓመት ገደማ የተቀረጸ። በ16 ዓመቷ ትታው የሄደችውን አገር ስታስታውስ ማስረጃ ከመደርደር ይልቅ ጭስ፣ ውሃና ሹክሹክታ ነው የምታሳየን። «ዋናው ነጥቡ ምንድን ነው?» እያልክ ካየኸው ትቃጠላለህ።

እንግዲህ ማየት ለምትፈልጉ። ሰው ሁሉ አንደኛ ተብሏል ብሎ ከ«ዣን ዲልማን» ይጀምርና ሰላሳኛው ደቂቃ ላይ ያቆማል፣ ከዚያ አኬርማንን ዳግም አይነካትም። እንደዚያ አታድርጉ። በ«ኒውስ ፍሮም ሆም» ጀምሩ፣ አንድ ሰዓት ተኩል አይሞላም። አኬርማን በፈረንሳይኛም በእንግሊዝኛም ራሷ አንብባዋለች፣ ስለዚህ እንግሊዝኛ የሚቀላችሁ ሰብታይትል ከማሳደድ እሱን ፈልጉ፤ ድምፁ ሲዋጥ መስማት ያለባችሁ በጆሯችሁ ነውና ሄድፎን አድርጉ። በስልክ ስክሪን አይሆንም። ሲሰለቻችሁ ወደ ፊት አታስሩጡት፣ ከፈለጋችሁ አቁማችሁ ቡና አፍሉና ተመለሱ። ከዚያ «ኖ ሆም ሙቪ»። «ዣን ዲልማን»ን ለመጨረሻ አቆዩት፣ ደግሞ ቅዳሜ ከሰዓት ብታደርጉት ይሻላል፣ ማታ ከሥራ በኋላ 201 ደቂቃ አይገፋም።